ወፍ የመሰከረችብኝ ቅዳሜ

በሰው ፊት ቆሜ «ሰርቄያለሁ» ብዬ ያመንኩት በሕይወቴ አንድ ጊዜ ነው። የሰረቅኩት ነገር ግን የለም። ይህን የምነግራችሁ እንድታዝኑልኝ አይደለም፤ ሰው ሲያዝንልኝ ይበልጥ ነው የምናደደው። የምነግራችሁ ነገሩ እስከ ዛሬ ስላልወጣልኝ ነው።

ያኔም ዛሬም ወልድያ ውስጥ የሕግ መምህር ነኝ። የማስተምረው የወንጀል ሥነ ሥርዓት ነው። ሰው ሲጠረጠር እንዴት ይያዛል፣ ማን ይጠይቀዋል፣ ማን ይመሰክርበታል፣ እሱስ እንዴት ይከላከላል፤ ዕድሜዬን የበላው ይኸው ነው። ተማሪዎቼ ከሁሉ አብልጠው የሚፈሩት የመስቀለኛ ጥያቄ ልምምዴን ነው። አንዱን ምስክር አደርገውና ላብ በላብ እስኪሆን አፋጥጠዋለሁ። «ምስክር የቆመበት ቦታ አለው። የቆመበትን ካገኛችሁ ምስክሩን አገኛችሁት» እላቸዋለሁ። በዚህች አባባሌ እኮራባት ነበር፤ አንዳንዶቹ ደብተራቸው ጀርባ ላይ ይጽፏታል።

አባቴ ከትግራይ መጥቶ ወልድያ ገበያ ላይ ጨርቅ ሲሸጥ የኖረ ክርስቲያን ነበር። እናቴ ዘሃራ ደግሞ የሀብሩ ሙስሊም ገበሬ ልጅ ነበረች። ወሎ ውስጥ ይህ ብርቅ አይደለም። ሁለቱም አርፈዋል። ከእናቴ ወገን የቀሩኝ ታላቅ ወንድሟ፣ አጎቴ ሙሄ ብቻ ነበሩ። ከመርሳ ወደ ውርጌሳ ሲኬድ ከአስፋልቱ ገባ ብላ ባለች መንደር ማንጎና ሽንኩርት እያለሙ የኖሩ ሰው ናቸው። ልጅ ሆኜ ትምህርት ሲዘጋ እሳቸው ዘንድ ነበር የምከርመው። አባቴ የሞተ ጊዜ ትከሻዬን ይዘው «አብሽር፣ እኔ አለሁልህ» ያሉኝ እሳቸው ናቸው፤ ቃላቸውንም ጠብቀዋል። የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሆኜ ጫማ የገዙልኝ እሳቸው ነበሩ።

ያን ሰሞን አጎቴ አልጋ ይዘው ነበር። ሐኪሞቹ ወደ ቤታቸው መልሰዋቸዋል፤ ይህ ምን ማለት እንደሆነ መቼም ሁላችንም እናውቃለን። አርብ ከክፍል ስወጣ ሚኒባስ ተሳፈርኩ፣ መርሳ ወርጄ ባጃጅ ያዝኩና መንደሯ ደረስኩ። ልጃቸው ኑሩ ከሚስቱና ከልጆቹ ጋር እዚያው ግቢ ውስጥ ሌላ ቤት ነው የሚያድረው። እኔ አጎቴ ክፍል ውስጥ፣ ከአልጋቸው ግርጌ ባለው መደብ ላይ ተኛሁ። ቤቱ ውስጥ ከሁለታችን በቀር ሰው አልነበረም።

ጠዋት በጩኸት ነቃሁ። ገበሬዎቹ በጋራ ከወንዝ ውሃ የሚስቡበት ሞተር ከመጠለያው ጠፍቷል። ሽንኩርቱ ያለዚያ ሞተር ሳምንት አይቆይም። የመንደሩ እንጀራ ነው የተሰረቀው። ብዙም ሳይቆይ ሰው ሁሉ ከዋርካው ሥር ይሰበሰብ ተባለ።

መጽሐፍ አፈርሳታ የሚለውን እነሱ አውጫጭኝ ይሉታል። እቃ ሲጠፋ መንደሩ ይሰበሰባል፤ ሌባው እስኪወጣ ማንም ከዚያ አይነሳም። እያንዳንዱ ወደ ሽማግሌዎቹ እየቀረበ፣ ሙስሊሙ በቁርዓን ክርስቲያኑ በወንጌል እየማለ፣ ያየውን በጆሯቸው ይናገራል። የተናገረው ሰው ስሙ አይነሳም። «ወፍ ነገረችን» ነው የሚሉት። ለተማሪዎቼ ስለዚህ ነገር የታሪክ ምዕራፍ ላይ ቶሎ ተናግሬ አልፍ ነበር፤ እነሱም «ወፍ» ስል ይስቃሉ።

በመንደሯ ያደረ ሁሉ ይቀመጣል ስለተባለ እኔም መቀመጥ ነበረብኝ። ቀረብ ብዬ ሽማግሌዎቹን የሚመሩትን ሼህ ይማምን አነጋገርኩ። ነጭ ጥምጥም ያሰሩ፣ ቀስ ብለው የሚናገሩ ሰው ናቸው።

«ሼህ፣ እኔ እንግዳ ነኝ። ወልድያ መመለስ አለብኝ።»

«እንግዳም ያድራል፤ ያደረ ደግሞ ይቀመጣል።»

«ሰው ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ አይያዝም።»

«ማን ያዘህ? ተቀመጥ ነው ያልንህ» አሉና ጥላው ውስጥ ቦታ አሳዩኝ።

ዞር ስል የቀበሌውን ሚሊሻ ጠመንጃውን ጉልበቱ ላይ አጋድሞ ተቀምጦ አየሁት። ሄጄ ሕገ መንግሥቱን ጠቀስኩለት። በጥሞና ሰማኝና «መምህር፣ እኔም እኮ ተይዤ ነው ያለሁ» አለኝ። አጠገቡ የነበሩት ሳቁ። ሳቃቸው ደስ የሚል ሳቅ አልነበረም።

ሕጉ እንዲህ ነው። ወፍ ስሙን የጠራችው ሰው ካመነ፣ እቃውን ይተካል፣ ይቅርታ ይጠይቃል፣ ነገሩም ይዘጋል። ከውጭ የመጣ ከሆነ ግን ከዚያ በኋላ መንደሯን አይረግጣትም። ከካደ ደግሞ እሱም፣ ያሳደረው ቤትም ይገለላሉ። እሳት አይጫርላቸውም፣ ውሃ አይቀዳላቸውም፣ ሲሞቱ አፈር የሚያለብሳቸው የለም። ይህን ሲያውጁ አልጋ ላይ ያሉት አጎቴ ትዝ አሉኝ። ሆኖም እኔን ምን አገባኝ ብዬ ተቀመጥኩ።

ሰው እየተነሳ ሄደ፣ ማለ፣ ተመለሰ። እኔም ምዬ ያየሁት ነገር የለም አልኩ። ኑሩም ሄዶ ማለ፤ ሲመለስ ከእኔ ራቅ ብሎ ተቀመጠ። መነሳት ያልቻሉትን አቅመ ደካሞች ሽማግሌዎቹ ቤት ለቤት እየዞሩ አስማሉ። ፀሐይዋ ጥላውን እየገፋች እግራችን ላይ ወጣች። ውሃ ጠማኝ፤ የሚያቀብለኝ አልነበረም።

ከቀትር በኋላ ሼህ ይማም ተነሱ።

«ወፍ የእንግዳውን ስም ጠርታለች» አሉ።

መጀመሪያ ሌላ እንግዳ ያለ መስሎኝ ዙሪያዬን አየሁ። ሁሉም የሚያየው እኔን ነበር።

«ድሮስ!» ብሎ ተነሳ አቶ ይመር፤ የውሃ ማኅበሩ ሰብሳቢ ነው። «ድሮስ ከማን ሊሆን ነው! የአባቱን አገር የማናውቅ መሰለው? ያ ሁሉ መከራ ከየት መጣብንና!»

«ይመር!» አሉ ሼህ ይማም። «የጠፋው ሞተር ነው። ጦርነት አልጠፋብንም። ተቀመጥ።»

ይመር ተቀመጠ፤ ነገሩ ግን አልተቀመጠም። ከየአቅጣጫው መናገር ጀመሩ። አንዷ ሴት ትናንት ማምሻውን «እንኳን ደህና መጣህ» ብላ ጉንጬን የሳመችኝ ናት፤ አሁን ነጠላዋን ወደ አፏ ሰብስባ ፊቷን አዞረች። ኑሩ ጮክ ብሎ «የታመመ ሰው ቤት አድሮ እንዲህ ይደረጋል? ወላሂ አባቴን ነው ያዋረደው!» አለ። ከሁሉም ድምፅ የሱ ነው የወጋኝ። አብረን ወንዝ የዋኘን የአጎቴ ልጅ ነው።

ፈርቼ ነበር፤ ለምን እዋሻለሁ። ግን ከፍርሃቴ ንዴቴ በለጠ። እኔን፣ ሌላውን ምስክር ስጠይቅ የኖርኩትን ሰው፣ ያላየሁት ምስክር ሌባ አለኝ! ተነሳሁ።

«ወፏን አቅርቡልኝ» አልኩ።

«ወፍ አትቀርብም» አሉ ሼህ ይማም። «ዛሬ ካቀረብናት ነገ ደፍሮ የሚናገር የለም።»

«እንግዲያው ልጠይቃት። ያልጠየቁት ምስክር ምስክር አይደለም። እናንተ መካከል ቆሞ አንድ ሰው ‹ስለ እኔ ምን አየህ› ብሎ መጠየቅ ካልቻለ፣ ነገ የማናችሁም ስም ይጠራል። ያንተም ስም ይጠራል፣ ይመር።»

ይመር ሊነሳ ሲል ሼህ በእጃቸው አስቀመጡት። ጢማቸውን እየዳሰሱ «ጥያቄህን ለኔ ስጠኝ፤ እኔ አደርሳለሁ። መልሱንም እንደተባለው አመጣለሁ፤ በአላህ እምላለሁ» አሉ። ሕዝቡ አጉረመረመ። እኔ ግን ደስ አለኝ። በዚያች ሰዓት መንደርተኛው ሁሉ ጠልቶኝ እያለ ደስ አለኝ፤ ሜዳዬ ላይ መጡልኝ አልኩ።

«መጀመሪያ፣ ምን አየች?»

ሼህ ይማም በማንጎው ውስጥ አልፈው ከዓይን ተሰወሩ። ለማሳሳት ይመስለኛል፣ ሌሎቹ ሽማግሌዎችም በየአቅጣጫው ተበታትነው ሄዱ። ሲመለሱ «ከንጋት አዛን በፊት ከአጎቱ ቤት ሲወጣ አይቻለሁ፣ ወደ ሞተሩ በኩል ሄዷል ትላለች» አሉ።

«እውነት ነው» አልኩ። ጩኸቱ ቀለጠ። ድምፄን ከፍ አድርጌ «ወጥቼ ነበር፤ አጎቴ ሲያቃስቱ ማዳመጥ አቃተኝ። እሳቸው እንዳይሰሙኝ በዚያው በሞተሩ በኩል ካለው ማንጎ ሥር ሄጄ አለቀስኩ» አልኩ።

ሳቁብኝ። አንድ ሰው «ሌባም ያለቅሳል አሉ!» አለ። እውነቴን ነበር የተናገርኩት። እንደዚያን ቀን እውነት ተናግሬ ያፈርኩበት ጊዜ የለም።

ሁለተኛ ጥያቄዬን አዘጋጅቼ ነበር። ያ ሞተር ለሁለት ጠንካራ ሰው እንኳ የሚከብድ ብረት ነው፤ ይህን የማያውቅ አንድም ሰው እዚያ አልነበረም። ወፏ «ሞተሩን ተሸክሞ አየሁት» ብትል ውሸቷ ይወጣል፤ «ምንም አልያዘም» ብትል ደግሞ ነገሩ ያበቃል። በሁለቱም መንገድ አሸንፋለሁ። ክፍል ውስጥ እንዲህ ያለውን ጥያቄ ሳስተምር እጄን እያፋተግኩ ነው።

«በእጄ ምን ይዤ ነበር?»

ሼህ ይማም ሄዱ። በዚህኛው ቆዩ። ሲመለሱ እርምጃቸው ከብዶ፣ ዓይናቸው መሬት መሬት እያየ ነበር። ከፊቴ መጥተው ቆሙ።

«ጫማውን በእጁ ይዞ ነበር፣ ሌላ ያየሁት የለም ትላለች።»

«ሰማችሁ!» አለ ይመር ዘሎ ተነስቶ። «ጫማውን አውልቆ የሚሄድ ሌባ ካልሆነ ማን ነው!»

ሕዝቡ አብሮት ጮኸ። እኔ ግን ጩኸቱን ሰምቼ እንዳልሰማሁ ሆንኩ። ጫማዬን በእጄ ይዤ ነበር፤ ልክ ነው። አጎቴን እንዳልቀሰቅስ ከመደቡ እስከ በሩ በካልሲ ነው የሄድኩት። ጫማዬን ያጠለቅኩት ግን በሩን ከመክፈቴ በፊት፣ እቤት ውስጥ ሆኜ ነው። ደጅ የነበረ ሰው ጫማ በእጄ ሊያይ አይችልም። ያየኝ ሰው ከቤቱ ውስጥ ነበር። ቤቱ ውስጥ ደግሞ ከእኔ ሌላ አንድ ሰው ብቻ ነበር፤ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ የተኛ የመሰለኝ።

ወፏ አጎቴ ነበሩ።

ሼህ ይማም ቀና ብለው አዩኝ። እሳቸውም እኔ የገባኝ ገብቷቸው እንደሆነ አላውቅም ነበር። «ሌላ ጥያቄ አለህ?» አሉኝ፤ ድምፃቸው ዝቅ ብሎ።

ነበረኝ እንጂ! ዕድሜ ልኬን ያስተማርኩት ጥያቄ ምላሴ ላይ ነበር። «ወፏ የት ሆና ነው ያየችኝ?» ይኸው ነው። ይህን ብቻ ብጠይቅ ነጻ እወጣለሁ። ይመር አፉን ይይዛል፤ ያች ሴት ነጠላዋን ትገልጣለች። ግን ከዚያስ? አንድ አባት ቤቱ ያደረውን የእህቱን ልጅ ለምን አሳልፎ ሰጠ ብለው ይጠይቃሉ። ማንን ሊሸፍን ነው ይላሉ። ሕዝቡ ሁሉ ዞሮ ኑሩን ያያል። ኑሩ ይክዳል፣ ቤቱ ይገለላል፣ አጎቴም ያለ ቀባሪ ይሞታሉ። ኑሩን አየሁት። መጮኹን ትቶ አፉን ከፍቶ ያየኛል፤ ላቡ በአገጩ ይወርዳል። ከዚህ በላይ ማስረጃ አልፈለግኩም።

«የለኝም» አልኩ።

«ታምናለህ ወይስ ትክዳለህ?»

ብክድም ያው የአጎቴ ቤት ነው የሚገለለው። እንዲህ አስረው ነበር የያዙኝ፣ እነሱም ሳያውቁት።

«አምናለሁ። ሰርቄያለሁ። ሞተሩን እተካለሁ።»

«ከማን ጋር ተሸከምከው? የት አደረስከው?» ሲል ይመር ጀመረ። ጥያቄው ትክክለኛ ጥያቄ ነበር፤ ከተማሪዎቼ አንዱ ቢጠይቀው ኖሮ ጎሽ እለው ነበር። ሼህ ይማም ግን አላስጨረሱትም። «ሰውየው አመነ፤ አውጫጭኙ ተዘግቷል። ከዛሬ ወዲያ አይመጣም። በቃ፣ ተነሱ» አሉና ሕዝቡን በተኑት።

ቦርሳዬን ላወጣ ገባሁ። አጎቴ በጀርባቸው ተኝተው ጣራውን ያያሉ። አልጋቸው ጠርዝ ላይ ልቀመጥ አስቤ ተውኩት።

«አጎቴ፣ ጫማዬን አይተውታል?»

ደረታቸው ከፍ ዝቅ ይላል።

«አልዋሸሁም» አሉ በመጨረሻ። «ያየሁትን ነው የተናገርኩ።»

«እኔ እንዳልሰረቅኩ ያውቃሉ። ስመለስ ሳለቅስ እንደነበር ያውቃሉ። ኑሩ ነው አይደል?»

ስሙን ስጠራ ዓይናቸውን ጨፈኑ። «የውሃ ተራውን ዘለሉበት፤ ሽንኩርቱ ደረቀበት፤ ተናደደ» አሉ። «አንተ መንገደኛ ነህ ልጄ። ተሳፍረህ ትሄዳለህ። ስምህ ወልድያ አለ፣ ደሴ አለ፣ የትም አለ። እሱ ያለው እዚህ ብቻ ነው። እኔንስ ማን ይቅበረኝ?»

«‹እኔ አለሁልህ› ብለውኝ ነበር እኮ።»

እጃቸውን ከብርድ ልብሱ ሥር አውጥተው ዘረጉልኝ። አልያዝኩትም። ቦርሳዬን አንስቼ ወጣሁ። ግቢው በር ላይ ኑሩ ቆሟል፤ «ቶሎ ውጣ፣ ሰው ያያል» አለኝ፣ ፊቴን ሳያይ። ያኔ አለመምታቴ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

ሞተሩን ገዝቼ በጭነት መኪና ላክሁላቸው። ወሬው ግን ከመኪናው ቀድሞ ሲሪንቃን አልፎ ወልድያ ገብቶ ነበር። ክፍል ስገባ የኋላ ወንበር ላይ ሹክሹክታ ይሰማል። የማዕረግ ዕድገቴን የሚያየው ኮሚቴ ጉዳዩን «ለጊዜው» አዘገየው፤ ሰብሳቢው ቢሮው ጠርቶኝ «እውነት ነው እንዴ አምነሃል?» አለኝ። አዎ አልኩት። «አንተ? የሥነ ሥርዓት መምህር? ሳትመታ?» አለ። ሳልመታ አልኩት። ከዚያ ወዲህ ከኔ ጋር አብሮ ሻይ አልጠጣም።

አጎቴ ጥቂት ሳምንት ቆይተው አረፉ። የደወሉልኝ ሼህ ይማም ናቸው። «መምጣት አትችልም፤ ግን መስማት አለብህ ብዬ ነው» አሉኝ። ተሳፍሬ ሄድኩ። አስፋልቱ ዳር ወረድኩና ከዚያ ወዲያ ሳልራመድ ቆምኩ። ቀብሩ ከዚያ ይታያል። አንድ ሁለት ሰዎች አይተውኝ ተፉ። ሲያበቃ ሼህ ይማም በትራቸውን ተደግፈው ብቻቸውን ወደኔ መጡ።

«ያን ቀን ለምን ዝም አልክ?» አሉኝ።

«አንቱስ ያውቁ ኖሯል?»

«ጥያቄህን ያደረስኩ እኔ አይደለሁ? ጫማህን ያየው ሰው ከየት ሆኖ እንዳየ ላጣው?»

«ታዲያ ለምን አልተናገሩም!» ጮህኩባቸው፤ ሽማግሌ ላይ ጮኼ አላውቅም ነበር።

«ባለጉዳዩ ዝም ያለውን እኔ ልናገር?» አሉ። ቀጥለውም «አላህ ይክፈልህ» ብለው ተመለሱ። ከኋላቸው «ስሜን አጥቡልኝ!» አልኳቸው። አልዞሩም።

እናንተ አንባቢዎቼ፣ ከዚህ ታሪክ ትምህርት ፈልጋችሁ ከሆነ አንድ አለኝ፤ አይጣፍጥም። የእምነት ቃል የሚለውን ምዕራፍ ሳስተምር ሁልጊዜ አንድ ተማሪ እጁን ያወጣል። «ንፁህ ሰው ለምን አጥፍቻለሁ ይላል?» ይላል። ድሮ ዱላ፣ ማስፈራሪያ፣ ማባበያ እያልኩ እዘረዝር ነበር። ዛሬም እዘረዝራለሁ። ከዚያ ግን «ሌላም አለ» እላለሁ፤ «የቆመበትን ፈልጉ። ምስክሩ ብቻ ሳይሆን ያመነውም ሰው የቆመበት ቦታ አለው።» አብዛኞቹ አይገባቸውም። የኮሚቴው ሰብሳቢ እንዳልገባው ሁሉ። እናንተም ነገ ስለ አንድ ሰው «ራሱ አምኗል እኮ» ስትባሉ ቶሎ አትርኩ፤ ማንን ጀርባው ላይ አዝሎ እንዳመነ አታውቁም።

መልካም ሰው ሆኜ ያደረግኩት እንዳይመስላችሁ። ቂም ይዣለሁ። ኑሩን መንገድ ላይ ባገኘው ሰላም አልለውም፤ ያች መንደር ሽንኩርት የምታጠጣው በኔ ሞተር መሆኑን ሳስብ ደሜ ይፈላል። አጎቴንም ይቅር አላልኳቸውም፤ የዘረጉልኝን እጅ አለመያዜም አልጸጸተኝም። ግን ያን ቀን አስፋልቱ ዳር ቆሜ አይቻለሁ። ይመርም ነበር፣ ያች ሴትም ነበረች፣ ሚሊሻውም ጠመንጃውን አስቀምጦ አካፋ ይዞ ነበር። ከመንደሩ ከቀብራቸው የቀረ ሰው አልነበረም፤ ከእኔ በቀር።